የአራተኛ ዲቪዚዮኑ መምህር

በሜይ 26 ቀን 1999 ዓ.ም. በባርሴሎና ከተማ በተደረገው የአውሮፓ ሻምፒዮኖች ዋንጫ የፍጻሜ ጨዋታ ማንቸስተር ዩናይትድ ባየርን ሙኒክን 2 ለ 1 አሸነፈ። (በዚህ ጽሑፍ የተመለከቱት ዓመታት ሁሉ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።) የማንቸስተር ሁለት ግቦች የተቈጠሩት መደበኛው ሰዓት ካለቀ በኋላ እንደ ሆነ የኳስ ወዳጅ ሁሉ ያውቀዋልና አልደግመውም። እኔ ለዛሬ ላነሣ የፈለግሁት ሌላ ነገር ነው። በዚያች ምሽት ጨዋታውን ከጀመሩት 11 የማንቸስተር ተጫዋቾች መካከል አራቱ፣ ማለት ጋሪ ኔቪል፣ ዴቪድ ቤክሃም፣ ኒኪ በትና ራያን ጊግስ፣ ከልጅነታቸው ጀምሮ በአንድ ሰው እጅ ተኰትኵተው ያደጉ ነበሩ። አምስተኛው ፊል ኔቪል በተጠባባቂዎች ወንበር ላይ ተቀምጦ ነበር። ስድስተኛው ፖል ስኮልስ በቅጣት ምክንያት ከጨዋታው ውጭ ሆኖ ሱፉን ለብሶ ይመለከት ነበር።

የእነዚህን የስድስቱን ስም የማያውቅ ተማሪ በክፍሌ ውስጥ አላገኝም። አለቃቸውን ሰር አሌክስ ፈርጉሰንንም ሁሉም ያውቃቸዋል። ኤሪክ ሃሪሰን ማን ናቸው ብዬ ስጠይቅ ግን ክፍሉ ጸጥ ይላል።

ሚስተር ኤሪክ ሃሪሰን በ1938 በእንግሊዝ አገር በዮርክሺየር ግዛት፣ ከሃሊፋክስ ከተማ አቅራቢያ ተወለዱ። በ1957 በዚያችው በሃሊፋክስ ከተማ ቡድን ውስጥ መጫወት ጀመሩ። ቦታቸው በዚያን ዘመን ዊንግ ሃፍ የሚባለው ነበር፤ ይኸውም በመሐል ሜዳ በአንዱ ጎን ሆኖ የተቃራኒን አጥቂ እየተከታተለ ኳስ የሚቀማ፣ የቀማውንም ለተሻለው ጓደኛው የሚያቀብል ሰው ማለት ነው። ግብ ያገባው ሲጨበጨብለት ዊንግ ሃፉ ላቡን ጠርጎ ወደ ቦታው ይመለሳል።

በሃሊፋክስ ሰባት ዓመት ቆዩ። በ1964 ወደ ሃርትልፑልስ ዩናይትድ፣ በ1966 ወደ ባሮው፣ በ1969 ወደ ሳውዝፖርት፣ በ1971 እንደ ገና ወደ ባሮው ሄዱ። አንባቢ ከእነዚህ ስሞች አንዱንም ሰምቶ የማያውቅ ቢሆን አያፍርበት። እነዚህ ቡድኖች በሊጉ የታችኛ ደረጃዎች፣ አብዛኛውን ጊዜም በአራተኛ ዲቪዚዮን የሚታገሉ የትንንሽ ከተማ ቡድኖች ነበሩ፤ ሚስተር ሃሪሰንም በተጫዋችነት ዘመናቸው አንድ ቀን እንኳ በአንደኛ ዲቪዚዮን አልተሰለፉም። ከዚህም ሌላ፣ ከተጫወቱላቸው ከአራቱ ቡድኖች መካከል ጊዜው ይለያይ እንጂ ከሊጉ ሳይወጣ የቀረ አንድም የለም። ሳውዝፖርት በ1978፣ ሃሊፋክስ በ1993፣ ሃርትልፑል በ2017 ወጡ። የባሮው ዕጣ የከፋ ነበር። በ1972 የሊጉ ክለቦች ድምፅ ሰጥተው ባሮውን አስወጡና ቦታውን ለሄርፎርድ ሰጡት፤ ባሮው ተመልሶ ለመግባት 48 ዓመት ፈጀበት። ሚስተር ሃሪሰን በዚያ በመጨረሻው ዓመት የባሮው ተጫዋች ነበሩ።

ስለ ገንዘቡም እንናገር፤ ደመወዝ የሚጠብቅ ሰው ይህን ማወቁ አይጠላምና። እስከ ጃንዋሪ 1961 ድረስ በእንግሊዝ አገር ማናቸውም ተጫዋች፣ የቱንም ያህል ዝነኛ ቢሆን፣ በሳምንት ከ20 ፓውንድ በላይ እንዳይከፈለው የተወሰነ ደንብ ነበር። ደንቡ እንደ ተሻረ የፉልሃሙ ጆኒ ሄይንስ ወዲያው በሳምንት 100 ፓውንድ ተቈረጠለት። የሃሊፋክሱ ዊንግ ሃፍ ግን በዚህ ለውጥ ባለጠጋ አልሆነም። እንግሊዞች እንዲህ ያለውን ተጫዋች የሚጠሩበት ስም ከእጅ ሙያ የተወሰደ ነው፤ ሥራውን ጠንቅቆ የሚያውቅ፣ ነገር ግን የራሱ ሱቅ የሌለው፣ ከአንዱ ጌታ ቤት ወደ ሌላው እየሄደ በቀን ዋጋ የሚሠራ ባለ ሙያ እንደ ማለት ነው። በእኛ አገር የስፌት መኪናውን ተሸክሞ ከገበያ ገበያ የሚዞረውን ልብስ ሰፊ ያስታውሰኛል።

በዚህ ሁሉ ዙረት ውስጥ አንድ አጋጣሚ አለ። በሃርትልፑልስ ሳሉ፣ በኦክቶበር 1965፣ ብሪያን ክላፍ የሚባል የ30 ዓመት ጐልማሳ አለቃ ሆኖ መጣ። ይህ ሰው ኋላ ኖቲንግሃም ፎረስትን ይዞ በ1979 እና በ1980 የአውሮፓን ዋንጫ በተከታታይ ያነሣው ነው። ታላቅ አሠልጣኝ በመጀመሪያ ሥራው ላይ ሳለ ምን እንደሚመስል በቅርብ ያዩ ሰዎች ጥቂት ናቸው፤ ሚስተር ሃሪሰን ከእነዚህ አንዱ ነበሩ።

አሁን ወደ ጥያቄዬ ልምጣ። አንደኛ ዲቪዚዮን ያልደረሰ ሰው ለአንደኛ ዲቪዚዮን፣ አልፎም ለአውሮፓ ዋንጫ የሚበቁ ልጆችን እንዴት ሊያስተምር ቻለ? ብዙ ሰው ይህን እንደ ተአምር ይቈጥረዋል። እኔ ግን የቻሉት ባለመድረሳቸው ምክንያት ነው እላለሁ። በተፈጥሮ የታደለ ተጫዋች ኳስ ወደ እርሱ ስትመጣ ሰውነቱ ራሱ መልሱን ያውቃል፤ እንዴት አደረግኸው ብለው ቢጠይቁት «እንዲሁ አደረግሁት» ከማለት በቀር የሚጨምረው የለውም። ዊንግ ሃፉ ግን በየቅዳሜው ከእርሱ የሚፈጥን ሰው ይገጥመዋል። ስለዚህ ኳሷ ሳትደርስ ዘወር ብሎ ማየትን፣ ኳሷን ሲቀበል ሰው ወደሌለበት ቦታ መግፋትን፣ የተቃራኒውን ትከሻ አይቶ መንገዱን መገመትን አንድ በአንድ እየቈጠረ ይማራል። ካልተማረ በሚመጣው ዓመት ውሉ አይታደስለትም። እየቈጠሩ የተማሩትን ደግሞ እየቈጠሩ ማስተማር ይቻላል። በትምህርት ቤትም የማየው ይህንኑ ነው። ሒሳብ ያለ ችግር የሚገባው ልጅ ለጓደኛው ሲያስረዳ ሁለት ደረጃ ዘልሎ መልሱን ይጽፍለታል። ደክሞ ያለፈው ልጅ ግን ሰው የት ላይ እንደሚሰናከል ያውቃልና እዚያች ላይ ቆም ይላል።

ይህን ስል ታላቅ ተጫዋች ሁሉ ማስተማር አይችልም ማለቴ አይደለም። ከ1989 ጀምሮ ለጥቂት ዓመታት ከሚስተር ሃሪሰን ጋር ልጆቹን ያሠለጥኑ የነበሩት ኖቢ ስታይልስ በ1966 ከእንግሊዝ ቡድን ጋር የዓለም ዋንጫ ያነሡ ሰው ናቸው። የዓለም ሻምፒዮኑና የአራተኛ ዲቪዚዮኑ ሰው በአንድ ሜዳ ላይ አንድ ዝናብ ሲመታቸው ይውል ነበር፤ የወጣቶቹ ኀላፊ ግን የአራተኛ ዲቪዚዮኑ ሰው ነበሩ።

ወደ ታሪኩ እንመለስ። ሚስተር ሃሪሰን መጫወት ካቆሙ በኋላ ወደ ኤቨርተን ሄደው በአሠልጣኝነት ሠሩ፤ በ1981 የማንቸስተር ዩናይትድ አለቃ የነበሩት ሮን አትኪንሰን የወጣቶቹን ቡድን እንዲይዙ ወሰዷቸው። ፍሬው ቶሎ ታየ። በእጃቸው ካለፉት ልጆች አንዱ ኖርማን ኋይትሳይድ በ1982 የዓለም ዋንጫ ለሰሜን አየርላንድ ሲሰለፍ ዕድሜው 17 ዓመት ከ41 ቀን ብቻ ነበር፤ በዓለም ዋንጫ ለመጫወት ከፔሌ እንኳ ያነሰ ልጅ ሆነ። ይኸው ኋይትሳይድ በ1985 በኤፍ.ኤ. ዋንጫ ፍጻሜ ብቸኛዋን ግብ አግብቶ ኤቨርተንን አሸነፈ፤ የተሸነፈውም የሚስተር ሃሪሰን የቀድሞ ቤት መሆኑ ነው። ማርክ ሂዩዝም በዚያው ዘመን ከወጣቶቹ ቡድን ወጣ።

በኖቬምበር 1986 አሌክስ ፈርጉሰን ከስኮትላንድ መጥተው አለቃ ሆኑ፤ ብዙም ሳይቆይ ከወጣቶቹ ዘንድ በቂ ተጫዋች አይወጣም የሚል ቅሬታ አቀረቡ። አዲስ አለቃ መጥቶ የቀድሞውን ሥራ ሲነቅፍ የበታች ሠራተኛ የሚያደርገውን እናውቃለን፤ እጁን አጣምሮ «ልክ ነው ጌታዬ» ይላል። ሚስተር ሃሪሰን ግን እንዲህ አላደረጉም። ያወጣኋቸው ልጆች እነሆ፣ ከዚህ የበለጠ ከተፈለገ ግን የሚሠለጥኑ የተሻሉ ልጆች ይምጡልኝ የሚል መልስ ሰጡ። ጥሬ ዕቃ ሳያቀርቡ ስለ ምርት ማነስ መጠየቅ አይገባም ማለታቸው ነበር። ፈርጉሰንም የመለሰላቸውን ሰው አላባረሩም፤ በየሰፈሩ እየዞሩ ተስፋ ያላቸውን ልጆች የሚመለምሉ ሰዎችን ቍጥር አበዙ። በእኔ አስተያየት ከኋላ የመጣው ዝና ሁሉ የተጀመረው በዚህች ንግግር ነው። አለቃው ባይሰሙ ኖሮ ሠራተኛው ትክክል መሆናቸው ብቻውን የትም አያደርስም ነበርና ለሁለቱም ምስጋና ይገባል።

ልጆቹ የሚለማመዱበት ሜዳ ዘ ክሊፍ ይባላል፤ ከማንቸስተር ጋር በተያያዘችው በሳልፎርድ ይገኛል። የሚስተር ሃሪሰን ቢሮ ፎቅ ላይ ሆኖ መስኮቱ ቍልቍል ወደ ሜዳው የሚያሳይ ነበር። አንድ ልጅ የተሳሳተ ነገር ሲያደርግ መስታወቱ በጡጫ ሲደበደብ ይሰማል። የመስታወቱ ድምፅ ካቆመ ደግሞ ይብሳል፤ ሰውየው ደረጃውን እየወረዱ ነው ማለት ነውና። ስለዚህ ስለ መስኮቱ ያላወራ የዚያን ዘመን ልጅ የለም። የኔታ ተኝተዋል ብሎ ፊደሉን ሲያልፍ የተያዘ ልጅ ነገሩ ይገባዋል።

ልጆቹ በ16 ዓመታቸው ሲገቡ በመንግሥት የወጣቶች የሙያ ሥልጠና ደንብ መሠረት የሚከፈላቸው በሳምንት 30 ፓውንድ የማይሞላ ነበር። በዚህም ላይ የትልልቆቹን ተጫዋቾች ታኬታ ይጠርጉ ነበር። ቤክሃም በ1991 ከለንደን መጥቶ በዚህ ሥርዐት ውስጥ ገባ። ይህ ልጅ ከሩቅ አጥርቶ የመምታት ስጦታ ነበረው፤ ስጦታውንም ማሳየት ይወድ ነበር። 40 እና 50 ሜትር የሚሄድ ኳስ ሲልክ ሚስተር ሃሪሰን ይህ ለሲኒማ ነው እያሉ፣ የሆሊዉድ ኳስ የሚል ስም አውጥተውለት ይቈጡት ነበር። አጠገብህ ያለው ጓደኛህ ነጻ ሆኖ ሳለ ስለ ምን ወደ ሩቅ ትልካለህ ነው ነገሩ። በኦገስት 1996 ቤክሃም በዊምብልደን ላይ ከመሐል ሜዳ አክርሮ ያገባትን ግብ ያየ ሰው ታዲያ መምህሩ ተሳስተው ነበር ሊል ይችላል። አልተሳሳቱም። ልጁ ያን ምት የያዘው በተፈጥሮው ነው፤ መቼ መምታት እንዳለበትና መቼ መተው እንዳለበት ግን የተማረው ከዚያ መስኮት ሥር ነው።

በልጅ ላይ መጮኽን እኔ አልወድም፤ ቍጣ ያለ ልክ ሲሆን ዐይናፋሩን ልጅ ያጠፋዋል፣ ደፋሩንም ውሸታም ያደርገዋል። በዚያን ዘመን የእንግሊዝ ኳስ ቤት ውስጥ ዛሬ የማይፈቀድ ብዙ ነገር ይደረግ ነበር፤ ስለ ውጤቱ ብለን ሁሉንም ማመስገን የለብንም። የሚስተር ሃሪሰንን ቍጣ ከሌሎች የሚለየው ግን አድልዎ የሌለው መሆኑ ይመስለኛል። ልጆቹ አድገው ሲናገሩ ይፈሯቸው እንደ ነበር አልደበቁም፤ ነገር ግን ከእርሳቸው አፍ «ጥሩ ነው» የምትለዋን ቃል ለማግኘት ይጓጉ እንደ ነበርም ደጋግመው ተናግረዋል። በነጻ የማትሰጥ ምስጋና ዋጋዋ ከፍ ያለ ነው።

በ1992 ይህ የልጆች ቡድን የእንግሊዝን የወጣቶች ዋንጫ አነሣ። በለንደን ክሪስታል ፓላስን 3 ለ 1፣ በራሱ ሜዳ ደግሞ 3 ለ 2 አሸነፈ። ማንቸስተር ይህን ዋንጫ ያገኘው ጆርጅ ቤስት በልጅነቱ ከተጫወተበት ከ1964 ወዲህ የመጀመሪያ ጊዜው ነበር። ጋዜጠኞች እስከ ዛሬ የሚጽፉት ስለዚህ ዓመት ነው። ለእኔ ግን የበለጠ የሚያስተምረኝ ቀጥሎ የመጣው 1993 ነው። በዚያ ዓመት ስኮልስና ፊል ኔቪል ተጨምረው ቡድኑ እንደ ገና ለፍጻሜ ደረሰ፤ ሊድስ ዩናይትድም በሁለቱም ጨዋታ አሸነፈው፣ በድምሩ 4 ለ 1። እንግዲህ ዋንጫውን ካነሡት የሊድስ ልጆች መካከል ቤክሃም ወይም ስኮልስ የደረሱበት የደረሰ አንድም አልተገኘም። ከተሸነፉት ውስጥ ግን ስኮልስ ለማንቸስተር 718 ጨዋታ፣ ጋሪ ኔቪል 602 ጨዋታ ተጫወቱ። ስኮልስ ቁመቱ አጭር፣ ደረቱም አስም ያለበት ልጅ ነበር፤ በ1992ቱ የፍጻሜ ጨዋታ አልተሰለፈም። ልጅን በ17 ዓመቱ በሚያመጣው ዋንጫ የሚመዝን አሠልጣኝ እንዲህ ያለውን ልጅ በሜዳው በር ይመልሰዋል፤ ፈጥነው ያደጉትን ረጃጅሞች ሰብስቦ ለአንድ ዓመት ያሸንፋል፣ ከዚያ በኋላ የሚተርፈው የለም።

ስለ ደረሱት ብቻ ማውራት ግን ትክክል አይሆንም። ከእነዚሁ ልጆች መካከል በ18 እና በ19 ዓመታቸው ተጠርተው ከእንግዲህ አንፈልግህም የተባሉ አሉ። ሮቢ ሳቬጅ በ1994 ተሰናበተ፤ ወደ ትንሹ ክሩ ሄዶ፣ ከአጥቂነት ወደ መሐል ሜዳ ቦታ ለውጦ፣ እንደ ገና ከታች ጀምሮ ለሌስተርና ለዌልስ ብሔራዊ ቡድን በቃ። ቤን ቶርንሊ ከሁሉም የተሻለ ክንፍ ይሆናል ሲባል በ1994 ጕልበቱ ላይ ክፉኛ ተጐዳና የታሰበለት ሳይሆን ቀረ። ሌሎችም ስማቸው ያልተነሣ፣ ከኳስ ውጭ እንጀራቸውን የፈለጉ ብዙ ናቸው። በየሦስት ዓመቱ ከተማ እየቀየሩ የኖሩት ሚስተር ሃሪሰን ከሃሊፋክስ በታችም ሌላ ኑሮ እንዳለ ያውቁ ነበር፤ ለእንዲህ ያለው ልጅ መሰናበት ምን ማለት እንደ ሆነ የዓለም ሻምፒዮን ሆኖ ያደገ ሰው ከሚያውቀው በላይ ያውቃሉ።

የቀረውን በአጭሩ ልናገር። በ1995 ክረምት ፈርጉሰን ሦስት ስመ ጥር ተጫዋቾችን ሸጡ፤ ከሦስቱ አንዱ የሚስተር ሃሪሰን የቀድሞ ተማሪ ማርክ ሂዩዝ ነበር። ቦታቸውን ታናናሾቹ ተማሪዎች ያዙ። በመጀመሪያው ጨዋታ በአስቶን ቪላ 3 ለ 1 ሲሸነፉ አለን ሃንሰን በቴሌቪዥን ቀርቦ በሕፃናት ምንም ማሸነፍ አይቻልም አለ። በዚያው የጨዋታ ዘመን፣ በ1996፣ ሕፃናቱ ሊጉንና የኤፍ.ኤ. ዋንጫን ሁለቱንም አነሡ። ሚስተር ሃሪሰን በ1998 ጡረታ ወጡ፤ ስለዚህም በባርሴሎናው ድል ምሽት በማንቸስተር የደመወዝ መዝገብ ላይ ስማቸው አልነበረም። ኋላ ማርክ ሂዩዝ የዌልስ ብሔራዊ ቡድን አለቃ ሲሆን አጠገቡ ሆነው እንዲረዱት የጠራው እኚህኑ የቀድሞ መምህሩን ነው። ከመንግሥቱ የኤም.ቢ.ኢ. ኒሻን የተሰጣቸው በ2018 ነው፤ ተማሪዎቻቸው ከተሸለሙ ከብዙ ዓመት በኋላ፣ ዕድሜያቸው 80 ሊሞላ ሲል።

ያን ጊዜ ታመው ነበር። ከ2014 ጀምሮ ሐኪሞች የመርሳት በሽታ እንደ ያዛቸው አረጋግጠው ነበር፤ በፌብሩዋሪ 13 ቀን 2019 በ81 ዓመታቸው ዐረፉ። ቤተሰባቸው በሽታውን ከኳሱ ጋር አያይዞ በአደባባይ ተናገረ። የዊንግ ሃፍ ሥራ ከግብ ጠባቂው ተጠልዛ የምትመጣዋን ከፍ ያለች ኳስ በቴስታ መመለስ ነበር፤ የዚያ ዘመን ኳስ ደግሞ ከቆዳ የተሠራች ናትና በዝናብ ቀን ውሃ እየጠጣች ትከብዳለች። በኦክቶበር 2019 የግላስጎ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ባወጡት ጥናት በስኮትላንድ የቀድሞ ባለ ሙያ ተጫዋቾች እንዲህ ባለ የአንጎል በሽታ የመሞታቸው ነገር ከሌላው ሰው ሦስት እጥፍ ተኩል ያህል እንደሚበልጥ ተገለጸ። ኖቢ ስታይልስም በዚሁ ዐይነት በሽታ ሲሠቃዩ ቆይተው በ2020 ዐረፉ።

በፌብሩዋሪ 2020፣ ሚስተር ሃሪሰን ካረፉ አንድ ዓመት ሲሞላ፣ የእንግሊዝ፣ የስኮትላንድና የሰሜን አየርላንድ የእግር ኳስ ማኅበሮች የአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ልጆች በልምምድ ጊዜ ኳስ በቴስታ እንዳይመቱ መመሪያ አወጡ። ከዚያ ወዲህ በሃሊፋክስ ሰፈሮች የሚለማመድ የ10 ዓመት ልጅ ኳሷ ከላይ ስትመጣበት ወደ መሬት እስክትወርድለት ይጠብቃል፤ አሠልጣኙም ከዳር ሆኖ «ተዋት፣ ትውረድ» ይለዋል።